ለእያንዳንዱ ገጽ አንድ ቤት

(በሉማሜ ለወረዳ ባለሙያዎችና ለመምህራን የቀረበ ዲስኩር)



የአንድ ወረዳ ዕውቀት በቃጠሎና በዝርፊያ ብቻ አይጠፋም፤ ከዚያ በበለጠ በዝውውር ደብዳቤ ይጠፋል። አንድ የልማት ሠራተኛ በአንድ ቀበሌ ዓመታት ሲሠራ የትኛው ማሳ ላይ ውኃ እንደሚተኛ፣ የትኛው ዘር በየትኛው አፈር እንደሚሆን፣ ማዳበሪያ ሲዘገይ ማንን ማነጋገር እንደሚያዋጣ ያውቃል። የዝውውር ደብዳቤው ሲደርሰው ቁልፍና ሞተር ሳይክል ያስረክባል። በንብረት ርክክቡ ቅጽ ላይ ወንበሩ ሳይቀር ይጻፋል። የሚያውቀውን የሚያስረክብበት ቅጽ ግን የለም። በምትኩ የመጣችው ልጅ ከሀ ትጀምራለች። በጤና ጣቢያም፣ በትምህርት ቤትም፣ በመሬት ጽሕፈት ቤትም ነገሩ ይኸው ነው።

«ሁሉም ነገር ቴሌግራም ግሩፑ ላይ አለ» እንባባላለን። በእርግጥ አለ። መመሪያው በፒዲኤፍ፣ ቃለ ጉባኤው በፎቶ፣ የነባሩ ባለሙያ ምክር በድምፅ መልእክት ተቀምጧል። የሚያገኘው ግን ማን እንደላከውና በየትኛው ወር እንደላከው የሚያስታውስ ሰው ብቻ ነው። ቴሌግራም ለማሳወቅ ጥሩ መሣሪያ ነው፤ ለማስቀመጥ ግን አልተሠራም። ዛሬ የምናገረው ስለ ማስቀመጡ ነው። የአንድ ቡድን አባላት በጋራ እየጻፉ በጋራ የሚያርሙት የገጾች ስብስብ አለ እንበል፤ የዕውቀት ቋት እንበለው። ገጾቹ በምን እርከን ይደርደሩ?

የጋራ ጽሑፍ በዚህ መልኩ የተጀመረው እ.ኤ.አ. በ1995 ዋርድ ከኒንግሃም የተባለ አሜሪካዊ የኮምፒውተር ባለሙያ የመጀመሪያውን ዊኪ ሲሠራ ነው። በዚያ ዊኪ ላይ ገጽ ከገጽ በላይ አልነበረም፤ ሁሉም እኩል ሆኖ በሊንክ ብቻ ይያያዝ ነበር። አንድ ሙያ ላላቸው ጥቂት ሰዎች ይህ ይበቃል። ገጹ በመቶዎች ሲቆጠር ግን አዲስ የመጣ ሰው ከየት እንደሚጀምር አያውቅም። ውክፔዲያ፣ የአማርኛውም ጭምር፣ ለዚህ «መደብ» የሚባል ነገር አበጀ፤ አንድ ጽሑፍ በብዙ መደቦች ሥር ሊመዘገብ ይችላል። እ.ኤ.አ. በ2004 የወጣው ኮንፍሉዌንስ የተባለ የጋራ መጻፊያ ፕሮግራም፣ በኋላም ኖሽን፣ ገጽን በገጽ ሥር ማስገባትን ለመሥሪያ ቤቶች አስለመዱ። እናት ገጽ አለች፣ ከሥሯ ልጆች፣ ከልጆቹም ሥር የልጅ ልጆች። እነዚህን ባንጠቀም እንኳ ጎግል ድራይቭ ላይ ፎልደር በፎልደር ውስጥ ስንከፍት የምንሠራው ያንኑ ነው። ስለዚህ የትኛው መሣሪያ ይገዛ በሚለው ብዙ አልቆይም።

የሚያሳስበኝ የመጀመሪያው እርከን በምን ስም ይከፈል የሚለው ነው። እዚህ ላይ አብዛኞቻችን አንድ ዓይነት ነገር እናደርጋለን። ግድግዳው ላይ የተለጠፈውን የመሥሪያ ቤቱን መዋቅር፣ ጽሕፈት ቤት፣ ከሥሩ ቡድን፣ ከሥሩ ባለሙያ የሚለውን፣ እንዳለ ወደ ኮምፒውተሩ እንገለብጣለን። ለኃላፊው የሚታወቅና የሚመች ነው። ነገር ግን በአገራችን የመዋቅር ዕድሜ አጭር ነው። የሳይንስና ከፍተኛ ትምህርት ሚኒስቴር በ2011 ዓ.ም. ተቋቁሞ በ2014 ዓ.ም. ወደ ትምህርት ሚኒስቴር ተጠቃሏል። በዚያ ስም ገጽ የከፈተ ሁሉ በሦስት ዓመት ውስጥ ገጹን ማፍረስ ወይም ስሙን መለወጥ ነበረበት። ወደ ራሳችንም እንምጣ። ትናንት ብቸና አውራጃና ሞጣ አውራጃ የነበሩት ዛሬ እነማይ፣ ሸበል በረንታ፣ ሁለት እጁ እነሴ፣ ጎንቻ ሲሶ እነሴና ሌሎችም ወረዳዎች ሆነዋል። በአውራጃ ስም የታሰረ ዶሴ የሚፈልግ ወጣት መጀመሪያ የአስተዳደር ታሪክ ማጥናት ይኖርበታል። ስንዴ ግን ያኔም ስንዴ ነበር፣ ወሊድም ወሊድ፣ የድንበር ክርክርም የድንበር ክርክር። የላይኛው እርከን መሰየም ያለበት ሰው በሚጠይቀው ጉዳይ ነው፤ ጉዳዩ ከመዋቅር ይልቅ ረጅም ዕድሜ አለውና።

እርከን የሠሪውን ዓይን ይዞ እንደሚቀርም እንወቅ። ሜልቪል ዱዊ ለአምኸርስት ኮሌጅ ቤተ መጻሕፍት ብሎ አዘጋጅቶ እ.ኤ.አ. በ1876 ያሳተመው የመጻሕፍት አከፋፈል ዕውቀትን ሁሉ በዐሥር ይከፍላል፤ ዛሬም በብዙ አገር ቤተ መጻሕፍት ይሠራበታል። 800ዎቹ ለሥነ ጽሑፍ የተሰጡ ናቸው። 810 የአሜሪካ፣ 820 የእንግሊዝ እያለ ጀርመንኛን፣ ፈረንሳይኛን፣ ጣሊያንኛን፣ ስፓኒሽን፣ ላቲንንና ግሪክን በየራሳቸው ክፍል ካስቀመጠ በኋላ የቀረውን የዓለም ቋንቋ በሙሉ 890 ውስጥ ያጉረዋል። የጎጃሙ ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. ያሳተሙት «ፍቅር እስከ መቃብር» በዚህ አከፋፈል 892.8 ላይ፣ «ሌሎች ቋንቋዎች» ከሚለው ሥር ነው የሚገኘው። ዱዊ የከፈለው በፊቱ የነበሩትን መጻሕፍት አይቶ ነው። እኛም ያንኑ እናደርጋለን፣ «ልዩ ልዩ» የሚል ፎልደር በከፈትን ቁጥር። «ልዩ ልዩ» እየወፈረ ከሄደ በሥራው ውስጥ ትልቅ የሆነ ጉዳይ በእርከኑ ውስጥ ቦታ አጥቷል ማለት ነውና ተከፍቶ መበተን አለበት።

እስቲ አንድ ገጽ ላይ ቆም እንበል። በአዋበል ወረዳ አንድ ገበሬ የስንዴው ቅጠል ላይ ቢጫ ብናኝ አይቶ የልማት ሠራተኛዋን ጠርቷታል። ማሳው ዳር ቆማ ስልኳን አወጣች። ፊቷ ላይ የሚመጡት ክፍሎች «የሰብል ልማት ቡድን»፣ «የዕፅዋት ጥበቃ ቡድን»፣ «የ2014 ዕቅድ»፣ «ሪፖርት»፣ «ልዩ ልዩ» ከሆኑ የትኛውን ትንካ? «ስንዴ»፣ «ጤፍ»፣ «በቆሎ»፣ «ከብት»፣ «ዘርና ማዳበሪያ» ከሆኑ ግን ስንዴን ትነካለች። ከስንዴ ሥር «መሬት ዝግጅትና ዘር»፣ «አረምና በሽታ»፣ «አጨዳና ክምችት» ይመጣሉ። ከ«አረምና በሽታ» ሥር ቢጫ ዋግ፣ የግንድ ዋግና የቅጠል ዋግ እያንዳንዳቸው ከነፎቷቸው አሉ። ቢጫው ዋግ በቅጠሉ ላይ በመስመር በመስመር የተሰለፈ ነው፤ የግንድ ዋግ ወደ ቀይ ቡናማ ያደላል፣ ግንዱንም ይይዛል። ከፎቶው ጋር አመሳክራ ለየችው። ሦስት ጊዜ በመንካት ደረሰች፣ ገበሬውም ቆሞ ሳይሰለች።

እዚህ ላይ የዕፅዋት ጥበቃ ባለሙያው ይቃወመኛል። «እኔ ዋግን የምፈልገው በሰብል ሳይሆን በበሽታ ነው፤ ለምን በበሽታዎች ሥር አይቀመጥም?» ይላል፤ እውነት አለው። የሚቀናው መፍትሔ ገጹን በሁለቱም ቦታ መገልበጥ ነው። ብዙ መሥሪያ ቤት ይህን ያደርጋል፤ የሚጎዳንም ይኸው ነው። በ2003 ዓ.ም. መግቢያ ቢጫ ዋግ በአገራችን ኩብሳ የተባለውን የስንዴ ዝርያ ክፉኛ መታው። ከዚያ በኋላ ቢጫውን ዋግ ይቋቋማል የተባለው ዲገሉ በብዙ ቦታ ተስፋፋ። በ2006 ዓ.ም. ደግሞ ራሱ ዲገሉ በባሌና በአርሲ አዲስ በመጣ የግንድ ዋግ ተመታ። እንግዲህ «ዲገሉን ዝሩ» የሚል ምክር በሁለት ገጽ ተገልብጦ ነበር እንበል። አንዱ ታረመ፣ ሌላው ተረሳ። ያልታረመውን ያነበበች ባለሙያ በቅንነት ሄዳ ገበሬውን ታከስራለች። ስለዚህ ለአንድ ገጽ አንድ ቤት ብቻ ይሰጠው እላለሁ። የቢጫ ዋግ ገጽ ቤቱ ስንዴ ሥር ይሁን፤ የዕፅዋት ጥበቃ ባለሙያው በራሱ ገጽ ላይ ወደዚያው የሚወስድ ሊንክ ይኑረው። ሊንክ ዐሥርም ይሁን ሃያ አይጎዳም፤ ሁሉም ወደ አንዱ፣ ወደ ታረመው ገጽ ይወስዳልና።

ይህን ልዩነት የጎጃም ሰው ለመረዳት የሚቸገር አይመስለኝም። በርስት ዘመን የነበረውን አስቡ። አለን ሆበን የተባለ አሜሪካዊ የሥነ ሰብእ ምሁር በደጋ ዳሞት ተቀምጦ ያጠናውን እ.ኤ.አ. በ1973 በመጽሐፍ አውጥቶታል። መሬቱ በዋና አባት ይታወቃል፤ ከዋናው አባት ሥር በምንዝር አባቶች ይከፈላል፤ ከዚያም ወደ ታች ይወርዳል። ሰው ግን በአባቱም በእናቱም ወገን ይቆጥራልና ርስት የሚጠይቀው ከብዙ ዋና አባቶች ነው። መሬቱ ቦታው አንድ ነው፤ ወደ መሬቱ የሚያደርሰው የትውልድ መስመር ብዙ ነው። ገጽና ሊንክም እንዲሁ ናቸው። የርስትን ሥርዓት ማሞገሴ አይደለም። ቆጠራው ወደ ላይ በረዘመ ቁጥር ክርክሩ ማብቂያ ያጣ ነበር፤ አቅም ያለውም ይረታ ነበር። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የታወጀው የገጠር መሬት አዋጅ ዘግቶታል። ሁለት ነገር ግን ከዚያ እወስዳለሁ። አንደኛው የርዝመቱ ነገር ነው፤ እርከን ከሦስት፣ ቢበዛ ከአራት ደረጃ ካለፈ ሰው መንገድ ላይ ይቀራል። ሁለተኛው ፈጅ ነው። የአንድ አባት መሬት ፈጅ ነበረው፤ አከፋፈሉን የሚያውቅ፣ በወገኑ ስም የሚቆም ሰው። ከላይኛው እርከን ለእያንዳንዱ ቅርንጫፍ እንዲህ ያለ አንድ ሰው ስሙ ገጹ ላይ ተጽፎ ያስፈልጋል። «ስንዴ» የሚለውን ሁሉም ይጻፍበት፤ ሁለት ገጽ አንድ ነገር ሲናገሩ የሚያዋሕዳቸው፣ ጊዜ ያለፈበትን የሚያነሣው ግን አንድ ሰው ይሁን። ሲዛወር ቅርንጫፉን በርክክብ ቅጹ ላይ በስም ያስረክብ፣ እንደ ሞተር ሳይክሉ።

አንድ ነገር ልጨምርበት። በ1960 ዓ.ም. በብቸና፣ በሞጣና በዳሞት ገበሬው የእርሻ ገቢ ግብርን ሲቃወም ከግብሩ ባሻገር የፈራው ነገር ነበር፤ መሬቱ ተለክቶ ከተመዘገበ ርስቴን አጣለሁ ብሎ ሠግቷል። ሰው ሳያማክሩት ወደ ሌላ ሰው መዝገብ ሲያስገቡት መጠርጠሩ አይገርመኝም። የክልል ባለሙያ አዘጋጅቶ የላከውን እርከን ቀበሌው እንዲሞላ ቢታዘዝ ይሞላዋል፣ አይጠቀምበትም። ስሞቹን ከሚጠቀሙበት ሰዎች አፍ መውሰድ ይሻላል።

አሁን ወደ ጤና ኬላ ልውሰዳችሁ፤ በእኔ እምነት በገጠራችን ያለው ምርጥ የእርከን ሥራ እዚያ ነው ያለው፣ ያውም በወረቀት። የጤና ኤክስቴንሽን ፕሮግራም በ1995 ዓ.ም. በ16 ፓኬጆች ሲጀመር በየኬላው ሁለት ሴት ሠራተኞች ተመደቡ። ከጥቂት ዓመታት በኋላ የቤተሰብ ፎልደር መጣ። መደርደሪያው በጎጥ ይከፈላል። በጎጡ ሥር ለእያንዳንዱ አባወራና እማወራ ቁጥር የተሰጠው አንድ ፎልደር አለ። ሽፋኑ ላይ የቤቱ ጉዳይ፣ መጸዳጃና ውኃው፣ ይጻፋል፤ በውስጡ የእያንዳንዱ ሰው ካርድ አለ። ቀበሌ፣ ጎጥ፣ ቤት፣ ሰው፤ በቃ። ይህ አከፋፈል በማንኛውም ጽሕፈት ቤት የሥራ ክፍል ስም አልተሰየመም። ሠራተኛዋ ቤት ለቤት ስትሄድ በእግሯ የምትከተለው ቅደም ተከተል ነው።

ከመደርደሪያው አጠገብ በወራት የተከፋፈለ ሳጥን አለ፤ ቲክለር ይሉታል። አንዲት ነፍሰ ጡር በጥር ቀጠሮ ካላት ካርዷ ከቤተሰቡ ፎልደር ወጥቶ በጥር ክፍል ይቀመጣል። ጥር አልፎ ካርዱ እዚያው ከተገኘ ሴትዮዋ አልመጣችም ማለት ነው፤ ሠራተኛዋም ወደ ቤቷ ትሄዳለች። ቤቱ ፎልደር ነው፣ የጊዜው መጠየቂያ ደግሞ ሳጥኑ። ካርዱ ግን አንድ ነው፣ ሁለት ቅጂ የለውም። በወረቀት ዓለም ካርዱን ከቦታ ቦታ ማንቀሳቀስ ግድ ነበር፤ በዲጂታሉ ሊንክ ይበቃል። ጤና ሚኒስቴር ከ2010 ዓ.ም. ወዲህ ሪፖርቱን የሚሰበስብበት ዲኤችአይኤስ2 የተባለው ሥርዓትም ከኬላ ወደ ጤና ጣቢያ፣ ከዚያ ወደ ወረዳ፣ ዞን፣ ክልል የሚወጣ እርከን ነው። እሱ ቁጥር ወደ ላይ ለማውጣት የተሠራ ነው። እኔ የምናገርለት የዕውቀት ቋት ግን ወደ ታች ለሚወርድ፣ መልስ ለሚፈልግ ሰው ነው። ሁለቱን አናደባልቅ። የሪፖርት እርከን በመዋቅር ቢሄድ ተገቢ ነው።

«ሰርች እያለ እርከን ለምን?» የሚሉኝ አሉ። በእንግሊዝኛ ቢሆን ኖሮ ክርክሩ ይከብደኝ ነበር። ፊደላችን እ.ኤ.አ. በ1999 ዩኒኮድ ውስጥ ገብቷል፤ መጻፍ ችለናል። መፈለግ ላይ ግን ገና ነን። አንዱ «ሥራ» ብሎ ይጽፋል፣ ሌላው «ስራ»፤ አንዱ «ዓመት»፣ ሌላው «አመት»። ለኮምፒውተሩ እነዚህ የተለያዩ ቃላት ናቸው። በዚያ ላይ «የማዳበሪያ»፣ «ለማዳበሪያ»፣ «ስለማዳበሪያው» የሚሉት በብዙ መፈለጊያ ዘንድ እንደ አንድ አይቆጠሩም። «አልተገኘም» ሲላት ባለሙያዋ ገጹ የለም ብላ አዲስ ትጽፋለች፤ ያኔ ሁለተኛው ቅጂ ተወለደ። አማርኛ ለምንጽፍ ሰዎች እርከን ከሌላው በበለጠ ያስፈልገናል የምለው ለዚህ ነው። ርእስ ስናወጣም በ«የ» እና በ«ስለ» አንጀምር፤ ጉዳዩ ራሱ ይቅደም። «ማዳበሪያ፦ የጤፍ መጠን» ይባል፤ «የጤፍ ማዳበሪያ አጠቃቀምን በተመለከተ የወጣ መመሪያ» አይባል። ስልክ ላይ የኋለኛው ግማሹ ይቆረጣል። ዝርዝሩ በፊደል ተራ ሲደረደርም «በተመለከተ»ዎቹ ሁሉ በ«የ» ሥር ይታጨቃሉ።

ኔትወርክ ሲጠፋስ? በክልላችን፣ በአማራ፣ ከ2015 ዓ.ም. ማብቂያ ጀምሮ የሞባይል ኢንተርኔት ለረጅም ጊዜ ተቋርጦ እንደነበር የማያስታውስ እዚህ አይኖርም። በሊንክ ብቻ የተሳሰሩ ገጾች ቢታተሙ መነሻና መድረሻ የሌላቸው ወረቀቶች ይሆናሉ። በእርከን የተደረደሩ ገጾች ግን ሲታተሙ ማውጫ ያለው መጽሐፍ ይወጣቸዋል፤ የላይኛው እርከን ምዕራፍ፣ ሁለተኛው ንዑስ ምዕራፍ ይሆናል። ፍትሐ ነገሥት በ51 አንቀጽ መከፈሉ፣ 22ቱ ለመንፈሳዊው፣ የቀረው ለሥጋዊው ጉዳይ መሰጠቱ፣ ዳኛው ክርክር ቆሞ ሳለ አንቀጹን ገልጦ እንዲያገኝ ያደርገው ነበር። ስለዚህ በዓመት ሁለት ጊዜ፣ ከክረምቱ በፊትና ከመኸር አጨዳ በፊት፣ ቋቱ ታትሞ በየቀበሌው አንድ ቅጂ ይቀመጥ። ቀኑም በጉልህ ሽፋኑ ላይ ይጻፍ፤ አሮጌው ሳይመለስ አዲሱ አይሰጥ። የዲገሉን ነገር አትርሱ።

ለመጀመር ትልቅ ኮሚቴ አያስፈልግም። ካለፉት ሳምንታት የቴሌግራም መልእክቶች ሰዎች በእርግጥ የጠየቋቸውን ጥያቄዎች በጠያቂው ቃል ልቀሙ። በጉዳይ ቡድን ቡድን አድርጓቸው፤ የቡድኖቹ ስም የመጀመሪያው እርከን ነው። ከስድስት ወይም ከሰባት ከበለጡ የሚዋሐዱ አሉ። ባዶ ገጽ በቅድሚያ አትክፈቱ። «ወደፊት ይሞላል» የተባለ ገጽ ሲከፍተው ባዶ ሆኖ ያገኘ ሰው ሁለተኛ አይመለስም። መልስ ያላችሁን ብቻ አስገቡ።

ከዚያ በቅርብ የተቀጠረችውን ባለሙያ አምጡና ከጥያቄዎቹ ዐሥሩን ስጧት። ስልኳን ይዛ ትፈልግ፣ እናንተ ከጎኗ ተቀመጡ፣ አትናገሩ፣ በጣታችሁም አታመልክቱ። የት እንደምታመነታ ጻፉ። ሁለት ክፍል እያየች ካመነታች የሁለቱ ስም ተመሳስሏል። ገብታ ከተመለሰች ስሙ ከውስጡ ጋር አልገጠመም። ያመነታችባቸውን ቦታዎች በዚያው ቀን አስተካክሉና በሚቀጥለው ሳምንት ከሌላ ቀበሌ በመጣ ሰው ሞክሩት። የሰኔው ዘር ከመድረሱ በፊት «ዘርና ማዳበሪያ» የሚለውን ቅርንጫፍ ብቻ እንኳ በዚህ መንገድ ብትጨርሱ እኔ በቂ ጅምር ነው እላለሁ። ለዚህኛው ቅርንጫፍ ፈጅ የሚሆነው ማን እንደሆነ ከአዳራሹ ከመውጣታችን በፊት ብንነጋገርበት ደስ ይለኛል።